ቁጥር የሌለው ገጽ

«ሰባት ሰው ፊት ነው ያዋረድከኝ» አለች ትንሳኤ።

«እኔ ነኝ ያዋረድኩሽ? ጮክ ብለሽ የተናገርሽው አንቺ ነሽ። ያውም አገጭሽ ላይ ደም እየተንጠባጠበ።»

«ደሙንም የቀባኸኝ አንተ ነህ፤ ወረቀቱንም የሰጠኸኝ አንተ ነህ። ታዲያ ማንን ልጠይቅ?»

«እኔን ነዋ» አለ ማዳቭ። «ምን ማለት ነው ብለሽ ትጠይቂኛለሽ ብዬ ሁለት ሳምንት ሙሉ ስጠብቅ ነበር።»

የሚጣሉት በእንግሊዝኛ ነው። ለሁለቱም የተውሶ ቋንቋ ስለሆነ ሲናደዱ ቃል ያጥራቸዋል። የቆሙት ፓርክ ሂል በሚባል ሠፈር ባለ አንድ አሮጌ የጡብ ቤት ወጥ ቤት ውስጥ ነበር። ከረፋዱ አምስት ሰዓት ቢሆንም መስኮቶቹ ሁሉ በጥቁር የቆሻሻ ከረጢት ስለተሸፈኑ ቤቱ እኩለ ሌሊት መስሏል። ሳሎን ውስጥ ያሉት ሰዎች መብራት የሚያዘዋውሩ መስለው ጆሯቸውን ወደ ወጥ ቤቱ ጥለዋል። አንደኛው ሳቁን በሳል እየደበቀ ነው።

ትንሳኤ በማይክሮዌቩ በር መስታወት ራሷን አየች። ፊቷ በነጭ ቅባት ተለቅልቋል፤ ከዓይኖቿ ሥር ጥቁር ተቀብታለች። በዚህ ፊት መቆጣት እንደማያምርባት ገባት። ግን ሌላ ፊት በአጠገቧ አልነበረም።

ነገሩ የሆነው እንዲህ ነው። ማዳቭ ሦስት ወር ሙሉ ቅዳሜና እሁዱን የሰዋለት ፊልም በቴሉጉ የሚነገር የአስፈሪ ቤት ታሪክ ነው። ቴሉጉ እሱና ጓደኞቹ አፍ የፈቱበት የደቡብ ሕንድ ቋንቋ ነው። በአንድ ቤት ውስጥ በግፍ የሞተች የቤት ሠራተኛ መንፈሷ አልወጣ ብሎ ቤቱን የገዛውን ሁሉ ያባርራል። ፊልሙ ሰው እንጂ ገንዘብ የለውም። ካሜራ የሚይዘውም፣ ድምፅ የሚቀዳውም፣ የቤቱን ባለቤት ሆኖ የሚጫወተው ኪሾርም በሥራ ቀናት ኮምፒውተር ላይ የሚውሉ፣ ቅዳሜ ምሳቸውን ቋጥረው የሚመጡ ሰዎች ናቸው። ቤቱን የለቀቁላቸው አቶ ወርቁ የሚባሉ ሐበሻ ናቸው። የገዙት ውስጡን አፍርሰው ሊያድሱት ነውና «ሠራተኞቼ እስኪገቡ ድረስ እንዳሻችሁ» ብለዋቸዋል። የፊልሙን ታሪክ ከሰሙ ወዲህ ግን እሳቸው ራሳቸው ከበረንዳው አልፈው አያውቁም።

መንፈሷን ሆና ልትጫወት የነበረችው ሴት ከቴክሳስ ሳትመጣ ቀረች። ማዳቭ በዚያው ሳምንት እሁድ እንደ ልማዱ ኦሮራ ወዳለው የአረጋውያን መጦሪያ ሄደ። የእናቱ ወንድም እዚያ ናቸው፤ ሕመማቸው እንግሊዝኛቸውን ከወሰደባቸው ቆይቷል። በሩ ላይ ሲደርስ አንዲት ረጅም፣ ቀጭን ሐበሻ አስታማሚ አጎቱን ቀና አድርጋ ደግፋ «ኒሉ? ቻሉ?» ስትላቸው ሰማ። ውኃ ልስጥዎ? በቃዎት? ማለቷ ነው። ቃላቱን ያስተማሯት ራሳቸው ሽማግሌው ናቸው። እሷም ካልተማረች የጠማቸውንና የሚያማቸውን መለየት ስለማትችል ተማረች።

«ምላስሽ አይሰበርበትም» አላት ማዳቭ። ለትንሳኤ የመጀመሪያ ቃሉ ይህ ነበር፤ ሰላምታ እንኳ አላስቀደመም።

መንፈሷን ሆና እንድትጫወት ጠይቋት እሺ አለችው። ቴሉጉውን በላቲን ፊደል ጽፎ ሲሰጣት አነባበቧ ተበላሸ። በአማርኛ ፊደል ቢጽፈው እንደሚሻል ሲገባው ኦሮራ ካለ የሐበሻ ሱቅ የፊደል ገበታ ገዝቶ ሊትልተን ባለው ቤቱ ፍሪጅ ላይ ለጠፈ። በአንድ ወር ውስጥ ከሀ እስከ ፐ ለቀመው። ከዚያ ወዲህ የመንፈሷን ንግግር ሁሉ በአማርኛ ፊደል ይጽፍላታል፤ ከገጹ አናት ላይ የትዕይንቱን ቁጥር ያሰፍራል። ትንሳኤ ቤቷ ታጠናዋለች፤ ትርጉሙን ደግሞ በቀረጻው ዕለት ቁጭ ብሎ ያስረዳታል።

ከሁለት ሳምንት በፊት ደብተሯ ውስጥ ቁጥር የሌለው ገጽ አገኘች። ማዳቭ የሚረሳ ሰው ስለሆነ ረስቶት ነው አለች። ከአርባኛው ትዕይንት ቀጥሎ ስለነበረ አርባ አንደኛው ይሆናል ብላ ሸመደደችው። ዛሬ መብራቱ አስቸግሮ ጊዜ ስላለቀ ማዳቭ ትርጉም ሳያስረዳ ቀረጻ አስጀመረ። ትንሳኤ ኪሾር ፊት ቆማ፣ አንገቷን ሰበር አድርጋ፣ ዓይኗን አፍጥጣ፣ አንዲት ቃል ሳታዛንፍ ወረደችው። ኪሾር ዞሮ ማዳቭን አየው። ካሜራ የያዘው ሰውዬ ወለሉ ላይ ቁጭ ብሎ ሆዱን ያዘ።

ገጹ የፍቅር ደብዳቤ ነበር።

«በእንግሊዝኛ ብትጽፈው ምን ነበረበት?» አለች አሁን።

«ሞከርኩት። የመሥሪያ ቤት ኢሜይል መሰለብኝ።»

«እሺ ምን ይላል?»

«ለቁጣሽ አልተረጉመውም።»

«እኔ ልተርጉምላት?» አለ ኪሾር ከሳሎን።

«አንተ ዝም በል» አሉት ሁለቱም በአንድ ድምፅ። ትንሽ ቀርቶ ነበር ሊሳሳቁ። ግን ማዳቭ ድምፁን ዝቅ አደረገና «ወረቀቱን መልሺልኝ» አላት።

«ወረቀቱ ቦርሳዬ ውስጥ ነው። ቃሉ ግን ከእጄ ወጥቷል። እናቴ በቃሏ ይዛዋለች።»

ይህንን ለማንም ነግራ አታውቅም። ከእናቷ ጋር በሚኖሩበት አፓርታማ ውስጥ ብቻዋን ልትሆን የምትችለው መታጠቢያ ቤት ስትገባ ነው። ለእናቷ ቅዳሜና እሁድ ተጨማሪ ሺፍት እንደምትሠራ ነግራለች። ከሥራ ስትመለስ ቧንቧውን ከፍታ ንግግሯን ትለማመዳለች። እናቷ ወይዘሮ ብዙዬ ጸሎተኛ ጴንጤ ናቸው፤ ልጃቸው ከጉባኤው ከቀረች ጀምሮ ስምንት ዓመት ጾመውላታል። አንድ ቀን በዚያ በር በኩል ሲያልፉ ልጃቸው በማይታወቅ ቋንቋ ስትናገር ሰሙ። በልሳን እየጸለየች ነው ብለው አመኑ፤ ባለፈው እሁድም ጉባኤው ፊት ቆመው እያለቀሱ መሰከሩ። ከሁሉ የወደዱት የመጨረሻውን፣ ያንን ቁጥር የሌለውን ነበር። የሌላ ሰው ልሳን እንደማይጠና ያውቃሉ። ግን አላስቻላቸውም፤ ከበሩ ሥር ቆመው ቃል በቃል ያዙት፣ ከዚያም ይጸልዩበት ጀመር።

ማዳቭ ይህንን ሲሰማ መጀመሪያ ሳቀ። ቀጥሎ ሳቁ ፊቱ ላይ ደረቀ።

«ሦስት ወር ሙሉ ምንም አልነገርሻትም ማለት ነው። ስለ ፊልሙም፣ ስለ እኔም።»

«ምን ብዬ? እማዬ፣ እርኩስ መንፈስ ሆኜ እሠራለሁ፤ የሚያሠራኝም ቤቱ ውስጥ ጣዖት ያስቀመጠ ሰው ነው ልበላት?»

«አንዲት ትንሽ ምስል ናት። እናቴ ነች ሻንጣዬ ውስጥ የከተተችው።»

«እሱን ለእማዬ ንገራት።»

«እኔ ለእናትሽ ማን ነኝ፣ ትንሳኤ?»

«የለህም» አለችው። ቃሉ ከአፏ ሲወጣ ምን ያህል እንደከበደ ለራሷም ተሰማት። ግን አልመለሰችውም። «እኔስ ለእናትህ ማን ነኝ? አገርህ ጉንቱር ላይ ለጋብቻ ያገኘችልህ ልጅ ፎቶ አሁንም ስልክህ ውስጥ ነው። እኩል ነን።»

ማዳቭ የዕለቱን የቀረጻ ፕሮግራም ከጠረጴዛው አነሳ፤ ገልብጦ በጀርባው በእንግሊዝኛ አራት መስመር ጻፈና ሰጣት።

«ነገ ከቀኑ ስምንት ሰዓት የመጨረሻው ትዕይንት ነው» አለ። «ሰኞ ግድግዳው ይፈርሳል፤ ሌላ ቀን የለንም። ነይ አልልሽም። ቅሪም አልልሽም።»

ሳሎን ውስጥ የሚያስለው ሰው ማሳሉን ተወ። ትንሳኤ ወረቀቱን ሳታየው አጠፈችው።

አውቶቡሱ የኮልፋክስን ጎዳና ይዞ ወደ ምሥራቅ ሲሄድ ከኋላው ወንበር ተቀመጠች። ፊቷን ብትታጠብም ከጆሮዎቿ ጀርባ ነጩ ቅባት አልለቀቀም። ከፊቷ የተቀመጠች አሮጊት አየት አድርጋት ወደ ስልኳ ተመለሰች። ኮልፋክስ ላይ በዚህ አውቶቡስ ከዚህ የባሰ ብዙ ይታያል።

ወረቀቱን ሞናኮ ፌርማታ ጋ ከፈተችው። ፒዮሪያ እስክትደርስ አራት ጊዜ አነበበችው።

በመጀመሪያው ንባብ ተናደደች፤ እንዲህ ያለ ነገር እንዴት በደብተር ውስጥ ተሸጉጦ ይሰጣል? በሁለተኛው፣ በመታጠቢያ ቤት መስታወት ፊት አንገቷን እየሰበረች፣ ጥርሷን እያሳየች እነዚህን ቃላት ስትለማመድ የነበረችው ራሷ ታየቻት፤ አፏን በእጇ ሸፍና ሳቀች። በሦስተኛው ሳቁ ጠፋ። ቃላቱን በቃሏ ታውቃቸዋለች፤ ሲነሱና ሲወድቁ፣ የቱ ላይ ትንፋሽ እንደሚያልቅ ታውቃለች። ሁለት ሳምንት አብረዋት አድረዋል። አሁን ትርጉማቸውን ይዘው ሲመጡ እንግዳ አልሆኑባትም። ከረጅም ጊዜ ጀምሮ ቤቷ ውስጥ የተቀመጠ ሰው ስሙን የነገራት ያህል ነበር።

አራተኛው ላይ እናቷ ትዝ አሏት። እነዚህን አራት መስመሮች አልጋቸው ጎን ተንበርክከው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው፣ ለእግዚአብሔር ሲሏቸው ሰምታለች። ዝም ብላ አልፋለች። በዝምታዋ እንዳታለለቻቸው ያን ጊዜም ታውቅ ነበር፤ ግን እንደዛሬው ደረቷን አልወጋትም። ከምትወርድበት ፌርማታ ሁለት አልፋ ነው የወረደችው።

በማግስቱ ወይዘሮ ብዙዬ ከቤተክርስቲያን ያለወትሯቸው በጊዜ ተመለሱ። ብቻቸውን አልነበሩም። የጉባኤው ሽማግሌ ጋሽ በድሉና ሁለት ሴቶች ተከትለዋቸው ገቡ፤ ጫማቸውን በሩ ላይ አወለቁ። ትንሳኤ ኮቷን ለብሳ ልትወጣ ነበር።

በአምልኮው መካከል ከመዘምራኑ አንዷ፣ እዚሁ የተወለደችው ሔቨን፣ ስልኳን አቀብላቸው «አንቲ፣ ኢዝ ዚስ ትንሳኤ?» ብላቸዋለች። ኪሾር ቅዳሜ ማምሻውን የፊልሙን ማስታወቂያ ለቆት ኖሯል። ነጭ ፊት ያላት ሴት ከደረጃ ላይ ወደታች ታያለች፤ «ኢ ኢሉ ናዲ። ኔኑ ቬላኑ» ትላለች። ይህ ቤት የእኔ ነው፣ አልወጣም ማለት ነው፤ ትርጉሙ ከሥሩ ተጽፏል። ወይዘሮ ብዙዬ ግን ትርጉሙን ማንበብ አላስፈለጋቸውም። ድምፁን ያውቁታል፤ ቃሉንም ከመታጠቢያ ቤቱ በር ሥር ሰምተውታል።

ማስታወቂያውን በራሳቸው ስልክ ከፍተው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ።

«ይቺ ማን ናት?»

«እኔ ነኝ፣ እማዬ።»

«ምን ሆነሽ?»

«ፊልም እየሠራሁ ነው። ሦስት ወር ሆነኝ። የሕንዶች ፊልም ነው፤ እኔ የሞተችዋን ሆኜ ነው የምሠራው። ያኔ በሩ ሥር የሰማሽው እሱን ስለማመድ ነው።»

ጋሽ በድሉ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ሰፊ፣ ቀስ ብለው የሚናገሩ፣ ለማንም ክፉ የማያስቡ ሰው ናቸው፤ ከኤርፖርት ሰው በማመላለስ ነው የሚኖሩት። «ልጄ» አሉ፣ «ልንፈርድብሽ አልመጣንም። ልንጸልይልሽ ነው። ሰው እየቀለደ በር ይከፍታል፤ ሳያውቅ የሚገባበት ነገር ይኖራል።»

«ምንም ነገር አልገባብኝም፣ ጋሽ በድሉ። ፊልሙ ውስጥ የገባሁት እኔ ነኝ፤ በፈቃዴ።»

«ተንበርከኪ» አሉ እናቷ።

«አልንበረከክም።»

«ተንበርከኪ ብያለሁ።»

«እማዬ፣ ስሚኝ።» ኮቷን ሳታወልቅ እናቷ ፊት ቆመች። «ዋሽቼሻለሁ። ሺፍት ነው ብዬ ዋሽቻለሁ፤ ስትመሰክሪም ዝም ብያለሁ። ለዚህ አንቺንም ጉባኤውንም ይቅርታ እጠይቃለሁ፤ ማይክሮፎን ስጡኝ ከፈለጋችሁ። ለፊልሙ ግን ይቅርታ አልጠይቅም። ስምንት ዓመት ሰው ስገለብጥ፣ ሳጥብ፣ ሳጎርስ ኖሬያለሁ፤ አልጠላሁትም። ግን አንድ ነገር በሙሉ ልቤ ስሠራ ይህ የመጀመሪያዬ ነው። ታምሜ አይደለም። እንድታድኑኝ አልፈልግም።»

ከሴቶቹ አንዷ «ኢየሱስ» አለች በቀስታ።

ወይዘሮ ብዙዬ ወንበር ፈልገው ተቀመጡ። ቁጣው ከፊታቸው ሲወርድ ከሥሩ የነበረው ሌላ ነገር ብቅ አለ፤ ትንሳኤ ያንን ባላየች ወደደች።

«ፊልሙን ተዪው» አሉ። «እኔ ሁለት ሳምንት የጋኔን ቃል አፌ ውስጥ ይዤ ጌታ ፊት ተንበረከክሁ። ደስ ብሎኝ። ሥራ ቦታ፣ የሆቴል አልጋ እያነጠፍኩ እንኳ እሱን ነበር የምለው። ይሄንን በምን ላጥበው?»

«አንቺ የያዝሽው የመንፈሷ ቃል አይደለም።»

«የማን ነው ታዲያ?»

«ያኛው ፊልሙ ውስጥ የለም። ለእኔ የተጻፈ ደብዳቤ ነው። እኔም ትናንት ነው ያወቅሁት።»

«የምን ደብዳቤ?» አለች ቅድም ኢየሱስ ያለችው ሴት፤ ድምፅዋ ውስጥ ጸሎቱን ለጊዜው የረሳ ጉጉት ነበር።

በሩ የተንኳኳው ያን ጊዜ ነው።

ማዳቭ ስልክ ደጋግሞ ደውሎ ያልተነሳለት ሰው ፊት ነበረው። ከመኪና ማቆሚያው በላይ መጥቶ አያውቅም። ከበሩ ሥር የተደረደረውን ጫማ ሲያይ የራሱን አውልቆ በእጁ ያዘ፤ የት እንደሚያስቀምጠው ግን ግራ ገባው። ጋሽ በድሉ እንግዳ ቆሞ ማየት አይችሉምና «ካም ኢን፣ ሲት፣ ሲት» አሉት። ወይዘሮ ብዙዬም፣ ራሳቸውን እየገረማቸው፣ ተነስተው ውኃ ቀዱለት።

አልተቀመጠም። ትንሳኤን ነው ያየው።

«ልወስድሽ አልመጣሁም» አላት በእንግሊዝኛ። «ዛሬ ጠዋት ስለ አንቺ ለእናቴ ነገርኳት። ያንን ልንገርሽ ብዬ ነው።»

«ምን አለች?»

«ስልኩን ዘጋችው። ከዚያ መልሳ ደወለችና እንደገና ዘጋችው።»

ትንሳኤ ትናንት እኩል ነን ስትለው ስድብ ነበር። ዛሬ ቀድሟት ሄዷል።

«እሱ ነው?» አሉ ወይዘሮ ብዙዬ።

«እሱ ነው።»

«በምን ፊደል ጻፈው?»

«በእኛ።» ከቦርሳዋ አውጥታ ሰጠቻቸው። ወይዘሮ ብዙዬ መነጽራቸውን አድርገው ገጹን ወደ ብርሃኑ ያዙት። ፊደሎቹ የአንደኛ ክፍል ልጅ የጻፋቸው ይመስላሉ፤ አንዱ ወፍሮ አንዱ ቀጥኖ፣ አንዳንዱ እግሩ ተጣሞ። እያንዳንዱን ግን ያነቡታል። ያጠኑት ሁሉ እዚያ ነበር፤ አንድም አልቀረም።

«ከአፉ ልስማው» አሉ። «እኔን እያየ ይበለው። አንቺ ደግሞ ሳታሳምሪ በአማርኛ ንገሪን።»

ትንሳኤ ነገረችው። ማዳቭ ጫማውን ወለሉ ላይ አስቀመጠና እጆቹን ወደታች ጥሎ ቆመ። ሰባት ሰው ሲሥቅ የታገሠ ሰው አሁን አራት ሰው ዝም ሲል ላበው።

«ኑቩ ቫቻካ ኢ ኢንትሎ ባያም ሌዱ» አለ።

«አንቺ ከመጣሽ ወዲህ በዚህ ቤት ፍርሃት የለም» አለች ትንሳኤ።

«አስፈሪ ፊልም አይደል እንዴ የሚሠራው?» አለች ሴትየዋ ለጓደኛዋ በሹክሹክታ። ጋሽ በድሉ ከንፈራቸውን ነከሱ።

«ኒ ፔሩ ሮጁ ራስቱናኑ።»

«ስምሽን በየቀኑ እጽፋለሁ።»

ማዳቭ አፉን ከፈተና ቆመ። የወይዘሮ ብዙዬ ዓይን እሱ ላይ ነበር፤ ከዚያ ዓይን ሥር ሦስተኛው መስመር ከአእምሮው ወጥቶ ሄደ። ራሱ የጻፈው፣ በራሱ ቋንቋ። ትንሳኤን አየ። እሷ ግን እናቷን እያየች ነበር።

«ናቫኩ» አሉ ወይዘሮ ብዙዬ፣ ወለሉን እያዩ።

ማዳቭ ደንግጦ ቀና አለ።

«ናቫኩ» አሉ ደግመው፤ ልጅ እንደሚያስጠና ሰው። «ከዚያ ናቪና ፓርቫሌዱ ነው።»

«ናቫኩ» አለ ማዳቭ። «ናቪና ፓርቫሌዱ።»

«አትሳቂ» አለች ትንሳኤ በተሰበረ ድምፅ። «ብትስቂም ግድ የለም።»

የመጨረሻውን ሁለቱ አብረው አሉት፤ ሕንዱ ወጣትና የደብረ ብርሃኗ እናት፣ በአንድ ዜማ። «ናቶ ኡንታቫ።»

ትንሳኤ ይህንን አልተረጎመችም።

«እሱስ?» አሉ እናቷ። «አብዝቼ የጸለይኩት በእሱ ነው።»

«ከእኔ ጋር ትኖሪያለሽ ወይ ነው የሚለው። ለወንድም ለሴትም ያው ነው። ከእኔ ጋር ትኖራለህ ወይ ተብሎም ይተረጎማል።»

ወይዘሮ ብዙዬ መነጽራቸውን አወለቁ። ለረጅም ጊዜ በቀሚሳቸው ጫፍ ጠረጉት።

«ከእኔ ጋር ትኖራለህ ወይ» አሉ ለራሳቸው። «አባትሽ ከሞተ ወዲህ እኔስ ጌታን ሌላ ምን ጠይቄ አውቃለሁ።»

ትንሳኤ እናቷን አይታ፣ ጋሽ በድሉን አይታ፣ ወደ ማዳቭ ዞረች። ከአጎቱ፣ ከፊልሙ፣ ከየቦታው የለቃቀመችው ቴሉጉ ለአንድ ቃል ይበቃ ነበር። ያንን ቃል በመታጠቢያ ቤት ውስጥ፣ ቧንቧ ከፍታ፣ ለብቻዋ ልትለው አልፈለገችም።

«ኡንታኑ» አለችው። ከዚያ ለሁሉም እንዲሰማ በአማርኛ ደገመችው። «እኖራለሁ።»

ማዳቭ እጁን ወደ እሷ አልዘረጋም። ሰው አለ፤ እናት አለች። ግን ፊቱን ለመደበቅ አልቻለበትም፤ ሁሉም አዩት።

«እኔ አልመረቅሁም» አሉ ወይዘሮ ብዙዬ። ድምፃቸው ተመልሶ ጠንክሯል። «ይታወቅ። ምስል የሚያስቀምጥ ሰው ነው፤ ልጄን አልሰጠሁም። በዚህ ነገር ገና ብዙ እንጣላለን። አንተም በድሉ፣ ስለ ምስክርነቱ ማንም እንዳይናገርልኝ። በሚመጣው እሁድ እኔው ተነስቼ ተሳስቻለሁ እላለሁ። የጸለይኩትን ግን አልክድም።»

ጋሽ በድሉ በሃያ ዓመት አገልግሎታቸው እንዲህ ያለ ነገር ገጥሟቸው አያውቅም። ምን መባል እንዳለበት ስላላወቁ የሚያውቁትን አሉ።

«እንግዲህ እንጸልይ።»

ቆሙ፤ እጅ ለእጅ ተያያዙ። ማዳቭን አንደኛዋ ሴት ሳታመነታ እጁን ይዛ ወደ ክቡ አስገባችው። ትንሳኤ በእናቷና በማዳቭ መካከል ነበረች። ጋሽ በድሉ ስለ ትንሳኤ ጀመሩ፤ ስለ ቤቱ፣ ስለ ወጣቱ ትውልድ ቀጠሉ። ድምፃቸው እየሞቀ ሄደ፣ አሜኑም ተከተለው። የሁሉም ዓይን ተጨፍኗል። ትንሳኤ የግድግዳውን ሰዓት አየች፤ ለስምንት ሩብ ጉዳይ ነው። ፓርክ ሂል ሰባት ሰዎች መብራት አብርተው ይጠብቃሉ።

የእናቷ እጅ፣ በሳሙናና በአንሶላ የሻከረው፣ እጇን አጥብቆ ይዞ ነበር። አንዴ ጠበቅ አለ። ከዚያ ላላ፤ ጨርሶም ተከፈተ። ትንሳኤ ዞራ አየቻቸው። ዓይናቸው እንደተጨፈነ ነው፤ ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል። ማዳቭን ይዛ አንድ እርምጃ ወደኋላ ስትል፣ እናቷ ባዶ የቀረውን እጃቸውን ዘርግተው ወዲያ ማዶ ያለችውን ሴት ያዙ። ክቡ ገጠመ።

ጫማቸውን በእጃቸው አንጠልጥለው በካልሲ ወደ በሩ ሄዱ። ማዳቭ ቀድሞ ወጣ። ትንሳኤ መዝጊያውን እስከ መጨረሻው ይዛ በቀስታ ሳበችው። ጋሽ በድሉ ለታመሙት ጸልየው ሥራ ወዳጡት ተሻግረው ነበር፤ አሜን የሚሉትም ሳያቋርጡ አሜን ይሉ ነበር።